በር የሌላት ከተማ

ጥቀርሻ በሚገደልበት ቀን ትርሲት ጀልባ አመለጣትና ሥራ አርፍዳ ገባች።

ዝዋይ ሐይቅ ላይ በተንሳፈፈችው ከተማ ማርፈድ ብርቅ አይደለም። ነፋስ ሲነሣ ሰፈሮቹ አንዱ ከሌላው ይርቃሉ፤ ትናንት በእግር የተሻገሩት ድልድይ ዛሬ ተነቅሎ ይጠብቃል። ሰው ለምዶታል። አለቃም ቢሆን "ሰፈሬ ራቀብኝ" የሚል ሠራተኛ ላይ ፊቱን አያጠቁርም። የዚያን ቀን ግን የሥዕል ቤቱ ኃላፊ አቶ ዳምጠው በር ላይ ቆመው ይጠብቋት ነበር። ከበላያቸው ጣሪያው ጫፍ ላይ አባኮዳ የሚሉት ትልቅ ወፍ አንገቱን ትከሻው ውስጥ ቀብሮ፣ እንደ ተኮፈሰ ዘበኛ ቁልቁል ያያቸዋል።

"ትርሲት፣ እምቢ አሉ" አሏት፣ ሰላምታ እንኳ ሳይሰጧት።

"እነማን?"

"ሁለቱም! መብረቅ አይመታም፤ ጥቀርሻ አይወድቅም። ቁጭ ብለዋል።"

"ቁጭ ብለዋል ማለት?"

"ቁጭ ማለት ቁጭ ማለት ነው እንግዲህ! አግዳሚ ወንበር ላይ፣ ጎን ለጎን!"

ሥዕል ቤቱ የሚያዘጋጀው ህያው ሥዕል ነው፤ ማለትም ገጹ ላይ ያሉት ሰዎች በራሳቸው የሚያስቡበትና የሚናገሩበት የሥዕል ልቦለድ። ለእያንዳንዱ ገጸ ባሕርይ ልቦና ይሰጠዋል። ልቦና የሚሉት ከብዙ የአገር ሰው ድምፅና ጠባይ ተቀድቶ የተቀመመ ማሰቢያ ነው። አንባቢው ደግሞ የመግቢያ ሻሽ፣ ከፀጉር በቀጠነ የሽቦ ክር የተሸመነ ጨርቅ፣ ራሱ ላይ ያስራል፤ ዓይኑን ሲከድን በሥዕሉ ከተማ ካሉት ፎቆች በአንዱ መስኮት ላይ ራሱን ያገኘዋል። ያን ጊዜ መስኮቱ ይበራል። በዚያች ጨለማ ከተማ የበራ መስኮት ሁሉ አንድ አንባቢ ነው።

ከተማዋም መጽሐፉም ስማቸው "ድንግዝግዝ" ነው። መብረቅ ጥቁር ካባውን ደርቦ ከጣሪያ ጣሪያ የሚዘል፣ ንግግሩ አጭር፣ ቂሙ ረዥም ጀግና ነው። ጥቀርሻ ግማሽ ፊቱ የተቃጠለ፣ ከመዳፉ እሳት የሚያወጣ ጠላቱ ነው። በእያንዳንዱ ቅጽ መጨረሻ መብረቅ ጥቀርሻን ከሰዓት ግንቡ አናት ላይ ይወረውረዋል፤ በሚቀጥለው ቅጽ ጥቀርሻ እንደገና ይነሣል። ታዲያ የወደቀውን ሁሉ ያስታውሳል። አንድ ጊዜ ትዝታውን አጥፍተው ሞክረውት ነበር፤ ጥላቻው ጨው እንዳነሰው ወጥ ሆነባቸውና መለሱለት።

የዛሬው ግን የመጨረሻው ቅጽ ነው። ሥዕል ቤቱ ለአንባቢዎቹ "እውነተኛ ሞት" ብሎ ቃል ገብቷል፤ ማስታወቂያው በከተማው ጀልባዎች ሸራ ላይ ሁሉ ተለጥፏል። ጥቀርሻ መሬት ሲነካ ልቦናው ይጠፋል። ቅጂ አይቀመጥለትም፣ አይመለስም። እንዲህ ያለ ነገር ከዚህ በፊት ማንም አሳይቶ ስለማያውቅ፣ መስኮት ያልያዘ ሰው ያለ አይመስልም ነበር።

ትርሲት መስመር ጠባቂ ናት። ገጸ ባሕርያቱ ከታሪኩ መስመር ሲወጡ ገጹ ውስጥ ገብታ ጆሯቸው ላይ አንድ ሁለት ቃል ጣል ታደርጋለች፤ እነሱም ወደ መስመራቸው ይመለሳሉ። ለመብረቅ "ያቃጠለብህን ሰፈር አስታውስ" ትለዋለች። ለጥቀርሻ ደግሞ "እየሳቀብህ ነው"። ጎበዝ ናት። ብቻዋን የምትኖር ሴት በመሆኗ፣ በዓመት ውስጥ ከጎረቤቶቿ ጋር ከምታወራው ከጥቀርሻ ጋር የምታወራው ይበልጣል። ስለ ዛሬው ቀን ግን አስባ አታውቅም፤ ወይም ሐሳቡ ሲመጣባት ዕቃ ማጠብ ትጀምራለች።

ወደ ሥራ ክፍሉ ስትገባ የመልክዓ ምድር ሠዓሊው ጉግሳ ብሩሹን ጆሮው ላይ ሰክቶ አንገቱን ደፍቶ አገኘችው። ፎቁን፣ መንገዱን፣ ዝናቡን የሚሥለው እሱ ነው።

"አንተ፣ ምን አድርገህ ነው?"

"ሽማግሌ ነው የሣልኩት። ሦስት ሽማግሌ። ይሄ ወንጀል ነው?"

"ለምን?"

"መንገዱ ባዶ ሆነብኛ! ሽማግሌ የሌለበት ሰፈር ጥርሱ የረገፈ አፍ ይመስለኛል።"

"ልቦናስ ለምን ሰጠሃቸው?"

ጉግሳ አንገቱን አከከ። "ዝም ብለው ሲቀመጡ የሞቱ መሰሉኝ። የሰፈራችንን የእድር ሽማግሌዎች ድምፅ ቀዳሁና ጨመርኩባቸው። ስለ ዝናብ እንዲያወሩ ብቻ ነበር እኮ፣ ወላዲቱን!"

አቶ ዳምጠው ከኋላዋ መጥተው ማጥሪያውን መዳፏ ላይ አስቀመጡላት። ማጥሪያ ላጲስ የሚያክል ነገር ነው፤ የነካው ልቦና ድራሹ ይጠፋል። "ሦስቱን ሽማግሌዎች አጥሪልኝ" አሉ። "ከዚያ ለሁለቱ ሹክ በይና ውጪ። ከምሳ በኋላ አንባቢ ይገባል። የግንቡ ደወል ሲደወል ጥቀርሻ አየር ላይ መሆን አለበት።"

ሻሿን አሰረች።

ድንግዝግዝ ውስጥ መስኮቶቹ ሁሉ ገና ጨለማ ነበሩ። ዝናቡ ራሱ ምን ማድረግ እንዳለበት ግራ የገባው ይመስል፣ ዶፍ መሆኑን ትቶ ካፊያ ሆኗል። ከመንገድ መብራቱ ሥር ሦስት ሽማግሌዎች ተቀምጠዋል። ፊት ለፊታቸው አግዳሚ ወንበር ላይ፣ ያ ከተማ የሚንቀጠቀጥለት መብረቅ ካባውን ጉልበቱ ላይ ሰብስቦ፣ ከጎኑ ደግሞ ጥቀርሻ እጆቹን ጭኖቹ መሃል ሸጉጦ፣ ሁለቱም ትምህርት ቤት እንደተቀጣ ልጅ ቁጭ ብለዋል።

"ዝናብ ላይ አትቁሚ ልጄ፣ ጠጋ በይ" አሉ በዕድሜ የገፉት ሽማግሌ፣ አባ ቢተው። በትራቸውን አንስተው ቦታ ለቀቁላት።

ትርሲት ማጥሪያውን በጭብጧ ይዛ ቆመች። "ምን ሆናችሁ ነው?"

"እኛማ ስለ ዝናቡ እያወራን ነበር" አሉ ባርኔጣ ያደረጉት። "እነዚህ ሁለት ጎረምሶች ተናንቀው ከጣሪያ ዱብ አሉብን። አባ ቢተው 'በሕግ አምላክ!' አሏቸው። ቆሙ። ያሳደጋቸው ይመስገን።"

እውነትም ቆመው ነበር። የመብረቅ ቡጢ አየር ላይ ቀርቷል፤ ጥቀርሻ መዳፉ ላይ እሳቱ እየነደደ "ይቅርታ አባቴ" ብሎ ጭብጡን ዘግቷል። ሌላ አገር የተሠራ ጀግና ቢሆን ቃሉን ሰምቶ ዝም ብሎ ያልፍ ነበር። የእነዚህ ልቦና ግን የተቀዳው ከዚሁ አገር ሰው ነው። በሕግ አምላክ ሲባል እጁን የማይሰበስብ ሰው ምን ዓይነት እንደሆነ ያውቃሉ፤ ጥቀርሻ እንኳ እንደዚያ ያለ ሰው ሆኖ አልተሠራም።

"እንግዲህ እንቀጥል" አሉ አባ ቢተው። "ጥቀርሻ፣ ይሄ ልጅ ምን በደለህ?"

"ከግንቡ ላይ ወረወረኝ።"

"አንዴ ነው?"

"መቼ አንዴ! መጽሐፍ ባለቀ ቁጥር።"

ሽማግሌዎቹ ከንፈራቸውን መጠጡ። "አንተስ?"

"ከተማ ያቃጥላል" አለ መብረቅ በዚያ ወፍራም ድምፁ። "ሰፈሬን አቃጠለ። እናቴን…" አለና ቆመ። "የእናቴን ፊት አላውቀውም። መቃጠሏን ብቻ ነው የማውቀው።"

ትርሲት ዓይኗን ወደ መሬት ሰበረች። የመብረቅን እናት ማንም ሥሏት አያውቅም። አላስፈለገችም።

"ለምን አቃጠልክ ልጄ?"

ጥቀርሻ መዳፉን ገልብጦ አየው። "እኔንጃ አባቴ። ስነቃ እሳቱ እጄ ላይ ነው። ለምን እንደሆነ የነገረኝ ሰው የለም።"

"ጠልተኸው ነው?"

"እሱን?" ጥቀርሻ ወደ መብረቅ ዞረ፤ ጥያቄው አዲስ ሆኖበታል። "ከእሱ ሌላ ማንን አውቃለሁ?"

አባ ቢተው በትራቸውን መሬት ላይ ቀስ አድርገው መቱ። "በመካከላችሁ ሦስተኛ ሰው አለ።"

ሁለቱም ያለ ምክክር ትርሲትን አዩ።

"ሹክ ባይዋ ናት" አለ ጥቀርሻ፣ ያለ ቂም። "ልንጣላ ስንል ሁልጊዜ ትመጣለች። ጆሮዬ ላይ ትንሽ ነገር ትላለች። ከዚያ እሳቱ ይነሣል። አትፍረዱባት፤ ስትመጣ ደስ ይለኛል። ሌላ የሚመጣ የለም።"

"እኔ ተላላኪ ነኝ" አለች ትርሲት። "የታዘዝኩትን ነው።"

"ማን አዘዘሽ?"

"አለቃዬ።"

"እሱንስ?"

"ሰው ይፈልገዋል። አንባቢው።"

"የት ነው ሰውየው?"

ቀና ብላ ጨለማዎቹን መስኮቶች አየች። "ኋላ ይመጣሉ።"

"እንግዲያው ሂጂና ባለጉዳዩን ይዘሽ ነይ። ያ ደወል ሳይደወል። ዋስ ጥሪና ሂጂ።"

ዋስ። ትርሲት ግራ ቀኝ አየች። በዚያች ከተማ ዘመድ የላትም፤ እውነቱን ለመናገር በወዲያኛይቱም ከተማ ቢሆን ዋስ ጥሪ ብትባል ማንን እንደምትጠራ አታውቅም።

"እኔ ዋሷ ነኝ" አለ ጥቀርሻ፣ እሳት የሚያወጣ እጁን አንስቶ።

መብረቅ ካባው ወደቀበት። "አንተ? ለእሷ?"

"አዎ እኔ። አንተ ለማን ሆነህ ታውቃለህ?"

"ተዉ፣ ተዉ" አሉ ባርኔጣ ያደረጉት። "ካልመጣችስ?"

"ካልመጣች ከግንቡ ራሴን እጥላለሁ። መንገዱን እንደሁ አውቀዋለሁ።"

"ስም ከነአባት?"

"ጥቀርሻ።"

"የማን ልጅ?"

አባ ቢተው በትራቸውን ከግራ ወደ ቀኝ እጃቸው አዛወሩ፤ ከዚያ ዝቅ ባለ ድምፅ፣ ከጎረቤት ዕቃ እንደሚያውስ ሰው፣ "ቢተው በሉት" አሉ። "ዋስ ያለ አባት ስም አይሆንም።"

ትርሲት ማንንም ሳታጠራ ወጣች።

አቶ ዳምጠው የሆነውን ስትነግራቸው መጀመሪያ ፊታቸው ጠቆረ፣ ቀጥሎ ፈካ፣ በመጨረሻ ወንበራቸው ላይ ዘና ብለው ሳቁ። "ትርሲትዬ! ይሄ'ኮ ከጻፍነው ይበልጣል! አመነ፣ ተከዳ፣ ራሱን ጣለ። አንባቢው ያለቅሳል። ሽማግሌዎቹም ይቆዩ፤ ያምራሉ!"

"እኔ ምን ላድርግ?"

"ምንም። ሻሽሽን አውልቂና ሻይሽን ጠጪ። ከተቀጠርሽ ጀምሮ እንዲህ ያለ ቀላል ሥራ ሰጥቼሽ አላውቅም።"

ሻይ አመጡላት። ተቀመጠች። ግድግዳው ላይ ባለው ሰሌዳ የድንግዝግዝ መስኮቶች አንድ በአንድ መብራት ጀመሩ። አንባቢው እየገባ ነው። ግንቡ ላይ አንዲት ትንሽ ጥቁር ነጥብ ደረጃውን ትወጣለች፤ ጥቀርሻ ነው፤ ሰው ሳይገፋው፣ ማንም ሹክ ሳይለው፣ ቦታውን ለመያዝ ቀደም ብሎ እየወጣ ነው። ትርሲት ሻዩን አፏ ላይ አድርሳ መለሰችው። ከእሷ የሚፈለገው መቀመጥ ብቻ ነው። በሕይወቷ ብዙ ጊዜ ያደረገችው ነገር በመሆኑ ሰውነቷ ለምዶታል፤ ወንበሩም ምቹ ነበር።

"ምን ሆነሻል?" አላት ጉግሳ።

"ዋሴ ሆነ።"

"ማ?"

"ጥቀርሻ።"

ጉግሳ ብሩሹን ከጆሮው ላይ አወረደ። "እኔ እንኳ ዋስ ሁነኝ ብትይኝ ሦስት ጥያቄ እጠይቅሽ ነበር" አለ።

ትርሲት ሻዩን አስቀመጠች። "ድንጋይ ሣልልኝ።"

"ምን ዓይነት?"

"አንገት ላይ ተሸክመው ይቅርታ የሚጠይቁበት። ክብደት ስጠው፣ አታታልለኝ።"

ጉግሳ ምንም አልጠየቃትም። ሣለላት።

ስትገባ ከተማዋ ከዳር እስከ ዳር በርታ ነበር። እንዲህ በርታ ታይታ አታውቅም። ድንጋዩ እንዳለችው ከባድ ነው፤ ሻሹ ክብደቱን አንገቷ ላይ ሳይቀንስ አሳረፈው። ጎንበስ ብላ በመንገዱ መሃል ስትሄድ በመስኮቶቹ ጀርባ ሺህ ትንፋሽ ሲያዝ ይሰማታል። ግንቡ አናት ላይ ጥቀርሻ ጠርዙ ላይ ቆሟል። ቁልቁል አያይም፤ የሚያየው እሷ የምትመጣበትን መንገድ ነው። መብረቅ ከሥሩ ቆሞ፣ መያዝም መተውም አቅቶት፣ እጆቹን አንስቷል።

ደወሉ ተደወለ።

"መጥቻለሁ!" ብላ ጮኸች። "ጥቀርሻ ቢተው፣ መጥቻለሁ!"

ግንቡ አናት ላይ ያለው ጥቁር ነጥብ ከጠርዙ ወደ ኋላ ሸሸ።

ሽማግሌዎቹ ፊት ተንበረከከች። አባ ቢተው ድንጋዩን አዩ፣ እሷን አዩ። "ብቻሽን ነሽ?"

"ባለጉዳዩ አልመጣም። እኔ መጣሁ።"

"ምን አጠፋሽ?"

"የማያውቀውን ጥላቻ ጆሮው ላይ አስቀመጥኩ። ሲወድቅ አየሁ። ከዚያ ሁልጊዜ ወጥቼ ራቴን እበላ ነበር።"

"ሌላስ ሰው አልነበረም?"

አንገቷን ማቅናት አልቻለችም፤ በዓይኗ ብቻ ወደ ፎቆቹ አመለከተች። ሦስቱ ሽማግሌዎች ተነሡ። እጃቸውን ግንባራቸው ላይ ጋርደው ያን ሁሉ የበራ መስኮት፣ መጀመሪያ ከቀኝ ወደ ግራ፣ ቀጥሎ ከታች ወደ ላይ አዩት። አባ ቢተው አልተቆጡም። በራፉ ላይ ቆሞ ጎረቤቱን እንደሚጠራ ሰው፣ "እናንተ!" አሉ። "እዚያ ላይ ምን ትሠራላችሁ? ውረዱ እንጂ!"

ከዚያ በሦስተኛው ፎቅ አንድ መስኮት ጠፋ።

"ተኛ መሰለኝ" አሉ ባርኔጣ ያደረጉት።

አንድ ሌላም ጠፋ። ሥዕል ቤቱ ውስጥ አቶ ዳምጠው "አንባቢ እየሄደብን ነው!" እያሉ ይጮሃሉ፤ በሻሹ ክር በኩል ይሰማታል። ቀጥሎ የጉግሳ ድምፅ መጣ፣ ትንፋሹ ቁርጥ ቁርጥ እያለ።

"ትርሲት! አልሄዱም! ከውስጥ ግድግዳ የሚደበድቡ ሰዎች አሉ! መውረድ ፈልገው ነው፣ ግን በር የለም! ይሄን ሁሉ ዘመን መስኮት ስሥል በር ሥዬ አላውቅም'ኮ፤ ሰው ይወርዳል ብሎ ያሰበ ማን አለ!"

"ሣላ!"

ከፎቁ እግር ሥር፣ እርጥብ ቀለም የሚንጠባጠብበት፣ ወደ አንድ ጎን ያዘመመ በር ወጣ። ተከፈተ። የቤት ቀሚስ የለበሰች፣ በነጠላ ጫማ የሆነች ሴት ብቅ ብላ ዝናቡን በመዳፏ ሞከረችው። ሽማግሌዎቹን፣ ግንቡን፣ አንገቷ የጎበጠውን ትርሲትን አየች። ወዲያ ወዲህ ብላ አፈረችና፣ "ድንጋዩ ከየት ነው የሚገኘው?" አለች።

ጉግሳ በዚያ ቀን እጁ እስኪዝል በርና ድንጋይ ሣለ። መስኮቶቹ አንዱ ከሌላው ቀጥሎ ጠፉ፤ የጠፋ መስኮት ሁሉ ከታች በር ሆኖ ይከፈታል። ሁሉም አልጠፉም። አንዳንዱ እስከ መጨረሻው በርቶ፣ እያየ ቀረ። አቶ ዳምጠው ሁሉንም የሚዘጋው ማጥፊያ ላይ እጃቸውን አድርገው ነበር፤ አልተጫኑትም። ለምን እንደሆነ በኋላ ሲጠየቁ፣ "እኔንጃ" ብለዋል።

ጥቀርሻ ደረጃውን ወርዶ፣ መብረቅ ከኋላው እየተከተለው፣ ትርሲት ፊት መጣ። ከዚያ ድንጋዩን በሁለት እጁ ከአንገቷ ላይ አነሣውና መሬት አስቀመጠው። እጁ ሞቅ ያለ ነበር እንጂ እሳት አልነበረበትም።

"ከብዶሽ ነበር?"

"አዎ" አለችው።

ምናልባት ቀጥሎ የሚለውን እንድትነግረው ጠብቆ ይሆናል፤ ጆሮውን ወደ እሷ ዘንበል አደረገ። ትርሲት ምንም አላለችም። ያቺ የነጠላ ጫማዋ ሴት ድንጋይዋን ተሸክማ ከኋላዋ ተሰልፋለች፤ ከእሷም ኋላ ሌላ ሰው፣ ከእሱም ኋላ ሌላ። ጥቀርሻ እጁን ገልብጦ አየው፣ ደግሞ አየው፣ ከዚያ ማንም ሹክ ሳይለው ሄዶ የሴትየዋን ድንጋይ ተቀበላት።